የደምና የአይብ ኮላ፦ የመጀመሪያዎቹን አውሮፕላኖች ያጸናውን ኮምፔርሳቶ በእጅ ሠርቶ መፈተሽ

ይህ መመሪያ ሦስት ሥራዎችን ያሠራል። በመጀመሪያ ቅቤው ከወጣለት ወተት የእንጨት ኮላ ይዘጋጃል፤ ቀጥሎ በዚያው ኮላ ሦስት ንጣፍ ያለው ትንሽ ኮምፔርሳቶ ይጫናል፤ ከዚያም በዚያው ኮላ የተቀቡ የእንጨት ቁርጥራጮች ፎርማ ውስጥ ተጭነው የአውሮፕላን አካል የሚመስል ጎባጣ ቅርፊት ይሆናሉ። በመጨረሻ ሁሉም ውሃ ውስጥ ገብቶ ይፈተሻል። የአናጺ መሣሪያ ያለው፣ ጥቂት ቀናት መታገሥ የሚችል ማንኛውም ሰው ሊሠራው ይችላል። በጽሑፉ ውስጥ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሥራው የእጅ ሥራ ቢሆንም ዓላማው ታሪክን መረዳት ነው። ስለ አውሮፕላን አጀማመር ሲነገር አብራሪው፣ ሞተሩና ነዳፊው ይነሣሉ፤ ሰሌዳውን የጫነው የኮምፔርሳቶ ፋብሪካ ግን እምብዛም ስሙ አይጠራም። እኔ የማምነው ከ1912 እስከ 1930ዎቹ መጀመሪያ ድረስ የእንጨት አውሮፕላንን ዕድሜ የወሰነው ከእንጨቱ ይልቅ ኮላው እንደነበረ፣ ስለዚህም ኮላው ውሃ እንዲችል ያደረጉት ሰዎች ከነዳፊዎቹ እኩል ሊታወሱ እንደሚገባ ነው። ይህን በቃል ከማስረዳት ይልቅ አንድ ቁራጭ ሠርቶ ባልዲ ውስጥ መንከር በተሻለ ያሳምናል።

አስቀድሞ መነገር ያለበት ማስጠንቀቂያ አለ። በዚህ መንገድ የሚሠራው ሰሌዳ ለትምህርት ብቻ ነው። ሰው በሚሸከም ወይም ከሰው በላይ በሚንጠለጠል ነገር ላይ፣ መሰላልና መደርደሪያ እንኳ ቢሆን፣ ፈጽሞ አይዋል።

አጽምና ቅርፊት

የራይት ወንድማማቾች በታኅሣሥ 1903 ኪቲ ሆክ በተባለች የአሜሪካ መንደር አጠገብ ያበረሩት አውሮፕላን ስፕሩስና አሽ በተባሉ ዛፎች እንጨት አጽም፣ በጥጥ ጨርቅና በሽቦ ውጥር የተሠራ ነበር። ኃይሉን የሚሸከመው አጽሙና ሽቦው ነበር፤ ጨርቁ አየሩን ከመያዝ ያለፈ ሥራ አልነበረውም። ቀጥሎ በነበሩት ዓመታት አብዛኞቹ ሠሪዎች በዚሁ መንገድ ቀጠሉ።

በ1912 ፈረንሳይ ውስጥ ሉዊ ቤሸሮ የተባለው መሐንዲስ ለዴፐርዱሳን ኩባንያ የነደፈው የውድድር አውሮፕላን ግን ሌላ አሠራር ይዞ መጣ። አካሉ በፎርማ ላይ በተደራረቡ ሦስት የቱሊፕ ፖፕላር ስስ ንጣፎች ተሠራ፤ ውፍረቱ ከጥቂት ሚሊሜትር አይበልጥም ነበር። ቅርፊቱ ራሱ ኃይሉን ስለሚሸከም በውስጡ ከባድ አጽም አላስፈለገውም። ቅልን ያሰበ ሰው ነገሩ ወዲያው ይገባዋል፤ ቅል በውስጡ አንድም ማገር ሳይኖረው ውሃ ተሞልቶ ጀርባ ላይ ይጓዛል። በመስከረም 1913 ሞሪስ ፕሬቮ በዚህ ዓይነት አውሮፕላን ሬምስ ላይ በሰዓት ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ በረረ። ከ1916 ጀምሮ ደግሞ የበርሊኑ አልባትሮስ ኩባንያ ተዋጊ አውሮፕላኖች፣ በቀላል የእንጨት ቀለበቶችና አግዳሚዎች ላይ በኮላና በጥቃቅን ሚስማር የተያያዘ ስስ ኮምፔርሳቶ ለብሰው ወደ ጦር ግንባር ወጡ። የዴፐርዱሳን ቅርፊት ብዙ የእጅ ሥራ የሚጠይቅ ነበር፤ የአልባትሮስ ግን ከፋብሪካ የመጣን ሰሌዳ ቆርጦ መለጠፍ ስለነበረ በብዛት ለመሥራት ተመቸ። የኮምፔርሳቶ አምራቹ በአውሮፕላን ታሪክ ውስጥ አስፈላጊ የሆነው በዚህ ምክንያት ነው።

እነዚህ አምራቾች የተነሡት አውሮፕላንን አስበው አልነበረም። ዛሬ የኢስቶኒያ ዋና ከተማ በሆነችው ታሊን ውስጥ የነበረው የሉተር ፋብሪካ በ1880ዎቹ የወንበር መቀመጫ ይሠራ ነበር፤ ምርቱን በለንደን የሸጠው ቬኔስታ ኩባንያም የሻይ ሣጥን በማቅረብ ታወቀ። በአሜሪካ ሚሺጋን ግዛት፣ ሉዲንግተን በምትባል ከተማ፣ ሄንሪ ሃስከል የካሮም መጫወቻ ሰሌዳ ሠሪ ነበር። ሃስከል ከደም አልቡሚን፣ ማለትም በደም ውስጥ ከሚገኝ ፕሮቲን፣ ውሃ የሚችል ኮላ አወጣ፤ በዚያም ኮላ ከአንድ ወጥ የሦስት ንጣፍ ሰሌዳ የተጎበጠ ታንኳ ሠራ። ታንኳ ቀኑን ሙሉ ውሃ ላይ የሚውል ዕቃ በመሆኑ ለኮላው ከዚህ የተሻለ ምስክር አልነበረም። በቤት ዕቃ ሥራ በታወቀችው በግራንድ ራፒድስ የተቋቋመው ሃስከላይት ኩባንያም በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ለአውሮፕላን የሚሆን ኮምፔርሳቶ አቀረበ።

ስለ ኮላው መታወቅ ያለበት

ከዚያ በፊት የአናጺ ሁሉ ኮላ ከከብት ቆዳና አጥንት ተቀቅሎ የሚወጣው ነበር። ይህ ኮላ ደረቅ ሆኖ እስከቆየ ድረስ እጅግ ጠንካራ ነው፤ ቫዮሊንና ቁም ሣጥን ለብዙ ትውልድ አያይዞ አቆይቷል። ነገር ግን በሙቅ ውሃ የሚሟሟ ነገር በእርጥበት መለስለሱ አይቀርም። ሜዳ ላይ የሚያድር፣ በጉም ውስጥ የሚበር፣ ክንፉ ውስጥ ጤዛ የሚያጠራቅም ዕቃ በእንዲህ ያለ ኮላ ብቻ ሊታመን አይችልም።

የደም አልቡሚን ችግሩን የሚፈታበት መንገድ ከእንቁላል ነጭ ጋር አንድ ነው። ጥሬው የእንቁላል ነጭ በውሃ ይሟሟል፤ ከተቀቀለ በኋላ ግን የቱንም ያህል ውሃ ቢጨመርበት ወደ ቀድሞው አይመለስም። የደረቀ የደም አልቡሚን በውሃ ተበጥብጦ፣ ጥቂት ኖራ ወይም አሞኒያ ታክሎበት በንጣፎቹ መካከል ይቀባል፤ ከዚያም በጋሉ የብረት ሰሌዳዎች መካከል ሲጫን እዚያው ይረጋል። በዚህ መንገድ የተሠራ ሰሌዳ ውሃን እጅግ ይቋቋማል። ጉዳቱ የጋለ ፕሬስ መፈለጉ ነው፤ ስለዚህ የፋብሪካ ሥራ ሆኖ ቀረ። ይህን ኮላ በቤት እንዲሞክሩ አልመክርም፤ ጥሬ ደም ቶሎ ይበሰብሳል፣ በሽታም ሊያመጣ ይችላል።

ሁለተኛው መንገድ ኬሲን የተባለው የወተት ፕሮቲን ነው። ኬሲን ከኖራ ጋር ሲዋሐድ ቀስ በቀስ ውሃ በቀላሉ የማያሟሟው ነገር ይሆናል፤ ለዚህም ሙቀት አያስፈልገውም። ከጋለ ፕሬስ ሊገቡ የማይችሉ ሥራዎች፣ ለምሳሌ የክንፍ ተሸካሚዎች፣ የጎን ማያያዣዎችና የተጎበጡ አካሎች፣ በዋናነት የተጣበቁት በዚህ ነበር። በ1910 በማዲሰን፣ ዊስኮንሲን የተቋቋመው የአሜሪካ መንግሥት የደን ውጤቶች ላቦራቶሪ በጦርነቱ ጊዜና ከዚያም በኋላ የሁለቱንም ኮላዎች አሠራር በሰፊው መርምሮ ለፋብሪካዎች አስተማረ። እኛም የምንሠራው ይህንን ነው።

ኮላውን ማዘጋጀት

አሬራ ገፍቶ አይብ ያወጣ ሰው የሥራውን ግማሽ ያውቃል። 5 ሊትር ያህል፣ ቅቤው በሚገባ የወጣለትና ውሃ ያልተጨመረበት አሬራ ያዘጋጁ፤ ከዚህ 100 ግራም ወይም ጥቂት የሚበልጥ ደረቅ ኬሲን ይገኛል። ስብ የኮላ ጠላት ስለሆነ፣ አሬራው ላይ የቅቤ ጠብታ ከታየ በቀዝቃዛ ቦታ አሳድረው ይግፈፉት። አሬራ ከሌለ ቅባቱ የወጣለት ወተት ሞቅ ሲል ጥቂት በጥቂት አቼቶ በመጨመር ማርጋት ይቻላል።

ሙቀቱ ከ40 እስከ 45 ዲግሪ ሴልሺየስ መሆን አለበት፤ እጅ ሳይቃጠል የሚችለው ሙቀት ማለት ነው። ለምግብ የሚሆን አይብ ብዙ ጊዜ ከዚህ በላይ ይሞቃል፤ ለኮላ ግን ከመጠን በላይ የሞቀ አይብ ኖራ ሲነካው በደንብ አይሟሟም። ከገበያ የተገዛ አይብ የማልመክረውም ለዚሁ ነው። አይቡ ከአጓቱ ሲለይ በስስ ጨርቅ ያጥልሉት፤ ቢያንስ ሦስት ጊዜ በንጹሕ ውሃ እያሹ ይጠቡትና አጥብቀው ይጭመቁት። ይህ እጥበት አሲዱንና የወተቱን ስኳር ያስወጣል። በመጀመሪያው ሙከራዬ አንድ ጊዜ ብቻ አጥቤ ስለተውኩት ኮላው በሦስተኛው ቀን ጠረኑ ተለወጠ፤ የጫንኩት ሰሌዳም ጠርዙ በቀላሉ ተላጠ። ከእጥበቱ በኋላ አይቡን ፈርፍረው በጥላ ሥር ያድርቁት፤ ሲደርቅ ፈጭተው በወንፊት ይንፉት። የደረቀው ዱቄት ክዳን ባለው ዕቃ ውስጥ ለረጅም ጊዜ ይቆያል።

ለሥራው 100 ግራም ዱቄት በ200 ግራም ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ለግማሽ ሰዓት ይዘፍዝፉ። በሌላ ዕቃ 20 ግራም በውሃ ቀድሞ የበረደ የኖራ ዱቄት በ80 ግራም ውሃ ይበጥብጡ። ያልበረደ ኖራ ከውሃ ጋር ሲገናኝ ስለሚፈላ በፍጹም አይጠቀሙ፤ የበረደውም ቢሆን ዓይንን ክፉኛ ይጎዳልና መነጽርና ጓንት ሳያደርጉ አይጀምሩ። ኖራው አሉሚኒየምን ስለሚበላ የፕላስቲክ ወይም የብርጭቆ ዕቃ ይሻላል። የኖራውን ውሃ እያማሰሉ ወደ ኬሲኑ ሲጨምሩ መጀመሪያ ይጓጉላል፤ ብዙ ሰው በዚህ ጊዜ የተበላሸ መስሎት ይጥለዋል። ሳያቋርጡ ካማሰሉት ግን ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ጉጉሉ ይፈታና እንደ ወፍራም እርጎ የለሰለሰ ይሆናል። አረፋው እንዲወጣ ከ10 እስከ 15 ደቂቃ ያሳርፉት። ከዚያ በኋላ ያለው ጊዜ አጭር ነው፤ በኖራ ብቻ የተሠራ ኬሲን በአንድ ሰዓት አካባቢ መጠጠር ስለሚጀምር፣ ንጣፎቹ ተቆርጠውና መጫኛው ተሰናድቶ ካልሆነ በቀር ኮላው መበጥበጥ የለበትም። የጠጠረውን በውሃ ለማቅጠን አይሞክሩ።

ጠፍጣፋውን ሰሌዳ መጫን

እንጨት በርዝመቱና በጎኑ የተለያየ ጠባይ አለው። ከእርጥብነት ወደ ፍጹም ደረቅነት ሲሄድ በጎኑ እንደ ዛፉ ዓይነት ከ6 እስከ 10 በመቶ ሲኮማተር፣ በጭረቱ፣ ማለትም ክሩ በሚሄድበት አቅጣጫ ግን የሚኮማተረው ከ0.2 በመቶ እምብዛም አይበልጥም። በጭረቱ አቅጣጫ ሲጎተት ብርቱ ነው፤ በጎኑ ሲጎተት ግን በቀላሉ ይሰነጠቃል። የኮምፔርሳቶ ጥበብ አንዱን ንጣፍ በሌላው ላይ በማዕዘን አጋድሞ አንዱ የሌላውን ድካም እንዲሸፍን ማድረግ ነው። የንጣፎቹ ቁጥር ጎዶሎ መሆን አለበት፤ ከመካከለኛው ንጣፍ ግራና ቀኝ ያሉት እኩል ሲጎትቱ ሰሌዳው ቀጥ ብሎ ይቀራል። ይህን ለማየት ከተረፈው ቁራጭ ሁለት ንጣፍ ብቻ አጋድመው ያጣብቁ፤ ሲደርቅ እንደ ኮርቻ ይጣመማል።

የዚያን ዘመን አምራቾች ለአውሮፕላን በብዛት የተጠቀሙት በርችን፣ ማሆጋኒን፣ ፖፕላርንና ስፕሩስን ነበር። ለዚህ ሥራ ከቤት ዕቃ ሠሪ የሚተርፍ፣ ከ0.6 እስከ 1.5 ሚሊሜትር የሚሆን ማንኛውም ቬኒር (ስስ የእንጨት ቅጠል) ይበቃል። ጭረቱ ቀጥ ያለ፣ ጉጥ የሌለበትና በቤት ውስጥ ለአንድ ሳምንት የሰነበተ ይምረጡ። ጥቁር ቡናማ የሆነና ታኒን የበዛበት እንጨት በኖራው ምክንያት ይጠቁራል፤ ጥንካሬውን አይጎዳውም፣ መልኩን ግን ይለውጠዋል።

15 በ20 ሴንቲሜትር የሆኑ ሦስት ቅጠሎች ይቁረጡ። በሁለቱ ጭረቱ በረጅሙ ጎን፣ በአንዱ ደግሞ በአጭሩ ጎን ይሂድ። ኮላው የሚቀባው በመካከለኛው ቅጠል ሁለት ፊት ላይ ሲሆን፣ ለእያንዳንዱ ፊት 10 ግራም ገደማ ይበቃል። ብሩሹ በሁሉም ቦታ እኩል ማለፍ አለበት፤ ባዶ የቀረች አንዲት ቦታ ውሃ ሲገባ የመላጥ መነሻ ትሆናለች። ሦስቱን ከደረደሩ በኋላ ከላይና ከታች ላስቲክ ያንጥፉ፤ በሁለት ወፍራምና ቀጥ ያሉ ጠንካራ ጣውላዎች መካከል ያስገቡት።

ስለ ጫናው መጠን ጥቂት ልቆይበት እፈልጋለሁ፤ አብዛኛው የቤት ሙከራ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። በፋብሪካ የሚፈለገው በአንድ ካሬ ሴንቲሜትር ቢያንስ 7 ኪሎ ግራም ያህል ነው። የኛ ሰሌዳ ስፋቱ 300 ካሬ ሴንቲሜትር ስለሆነ ጠቅላላው ጫና 2,100 ኪሎ ግራም ይሆናል። ጡብና የመጽሐፍ ክምር ከዚህ ጋር አይወዳደርም። ባለ ሁለት ቶን የመኪና ክሪክ፣ በወፍራም ብሎን በተያያዘ የብረት ፍሬም ውስጥ ገብቶ ወደዚህ የሚጠጋ ጫና ይሰጣል። ፍሬሙ ከክሪኩ አቅም በላይ መቻሉ በብየዳ ባለሙያ ሳይረጋገጥ አይጫን፤ ሲጫንም ፊትን ከፍሬሙ ፊት ለፊት አያድርጉ። ይህ የማይመች ከሆነ ስድስት ጠንካራ ሞርሴቶዎችን ከመሐል ወደ ዳር እያጠበቁ መጠቀም ይቻላል፤ ኬሲን ጥቂት ወፈር ያለ ኮላ በመሆኑ የጫናን ጉድለት ከሌሎች ኮላዎች በተሻለ ይታገሣል። ጫናው በቂ መሆኑ የሚታወቀው በአራቱም ጠርዝ ቀጭን የኮላ ጠብታ እኩል ሲወጣ ነው።

ከስድስት ሰዓት በኋላ ሊፈታ ይችላል፤ እኔ ግን ማሳደሩን እመርጣለሁ። ከተፈታ በኋላም ኮላው የሰጠው ውሃ ገና እንጨቱ ውስጥ ስላለ፣ በሁለቱም በኩል አየር እንዲያገኝ ሰሌዳውን በጎኑ አቁመው አንድ ሳምንት ይተዉት። ሙሉ ጥንካሬውን የሚያገኘው ያን ጊዜ ነው። በመጨረሻ ጠርዙን በመጋዝ አስተካክለው በብርጭቆ ወረቀት ያለስልሱት።

የጎበጠውን ቅርፊት መሥራት

ሰሌዳን በአንድ አቅጣጫ ማጉበጥ ቀላል ነው፤ በሁለት አቅጣጫ ማጉበጥ ግን አይቻልም። ወረቀት በኳስ ላይ ለማልበስ የሞከረ ሰው ምክንያቱን ያውቀዋል። የሎክሂድ ወንድማማቾች ከጆን ኖርዝሮፕና ከአንቶኒ ስታድልማን ጋር ሳንታ ባርባራ፣ ካሊፎርኒያ ውስጥ ኤስ-1 የተባለችውን ትንሽ አውሮፕላን ሲሠሩ ለዚህ ያገኙት መፍትሔ ዛሬም ያስደንቀኛል። የአካሉን ግማሽ ቅርጽ በኮንክሪት ጎድጓዳ ፎርማ አወጡ፤ ጫፋቸው የቀጠነ የስፕሩስ ቁርጥራጮችን ኬሲን ቀብተው በሦስት ንጣፍ ደረደሩበት፤ ከዚያም የጎማ ከረጢት አስገብተው ክዳኑን ዘጉና በአየር ነፉት። አየር በሁሉም አቅጣጫ እኩል ስለሚገፋ የትኛውም ጉብጠት ያለ ጫና አይቀርም። በ1927 የበረረችው ሎክሂድ ቬጋ በዚሁ ዘዴ ተሠራች፤ ዋይሊ ፖስት በ1933 ብቻውን ዓለምን የዞረባት፣ አሚሊያ ኤርሃርትም በ1932 ብቻዋን አትላንቲክን የተሻገረችባት የአውሮፕላን ዓይነት ይህችው ናት።

ለእኛ የጎማ ከረጢቱ የመኪና ካላማዳሪ ነው። 40 ሴንቲሜትር ርዝመት፣ 20 ሴንቲሜትር ወርድና 6 ሴንቲሜትር ጥልቀት ያለው፣ ጎኖቹ ቀስ ብለው የሚወርዱ ጎድጓዳ ፎርማ በጠንካራ ሣጥን ውስጥ በጄሶ ወይም በስሚንቶ ይሥሩ። ጄሶው በደንብ ሲደርቅ ፊቱን አለስልሰው ሰም ይቀቡትና ስስ ላስቲክ ያንጥፉበት። ቬኒሩን 2 ሴንቲሜትር ወርድ ባላቸው ረጃጅም ቁርጥራጮች ይቁረጡ፤ ወደ ሁለቱም ጫፍ ሲቃረቡ ጎኖቻቸውን በመላጊያ ያቅጥኑ። ይህን ለማወቅ የመጀመሪያውን ንጣፍ ያለ ኮላ ደርድረው፣ ቁርጥራጮቹ የሚደራረቡበትን ቦታ በእርሳስ ምልክት ማድረግ ይጠቅማል። ይህ አሰልቺ ሥራ ነው፤ ሆኖም የቅርፊቱ ጥራት እዚህ ላይ ይወሰናል።

የመጀመሪያውን ንጣፍ በርዝመት ደርድረው በጥቃቅን የወረቀት ፕላስተር ያያይዙት። ኮላ ቀብተው ሁለተኛውን በአግድም፣ ከዚያም ሦስተኛውን እንደገና በርዝመት ይደርድሩ፤ የአንዱ ንጣፍ መጋጠሚያ ከሌላው መጋጠሚያ ጋር እንዳይገጥም ይጠንቀቁ። ከላይ ላስቲክ፣ ከላስቲኩ በላይ ካላማዳሪው፣ ከዚያም ወፍራም ክዳን ይደረግና በብሎን ይታሰራል።

ካላማዳሪውን ሲነፉ ከሚታየው ግፊት የበለጠ ኃይል እንደሚፈጠር ማወቅ ግድ ነው። የፎርማው አፍ 800 ካሬ ሴንቲሜትር ስለሆነ፣ በአንድ ካሬ ሴንቲሜትር 1 ኪሎ ግራም ግፊት ብቻ ክዳኑን በ800 ኪሎ ግራም ኃይል ወደ ላይ ይገፋዋል። ሎክሂዶች ኮንክሪት የመረጡት ያለ ምክንያት አልነበረም። ስለዚህ በእጅ ፓምፕ ብቻ ይንፉ፤ ከ0.3 ኪሎ ግራም አይለፉ፤ ይህም ቢሆን 240 ኪሎ ግራም ነው። የጎሚስታ ኮምፕሬሰር በፍጹም አይጠቀሙ። ሌሊቱን አሳድረው ጠዋት አየሩን ያስተንፍሱና ቅርፊቱን ያውጡ። በሚገባ ከተሠራ ውጤቱ በአንድ እጅ የሚነሣ፣ በሁለት እጅ ሲጫኑት ግን እምቢ የሚል ነገር ነው፤ ይህን በእጄ የያዝኩ ቀን ስለ ዴፐርዱሳን ያነበብኩት ሁሉ ትርጉም አገኘ።

በውሃ መፈተሽ

ለፈተናው ከኬሲኑ ሰሌዳ በተጨማሪ ሁለት ማነጻጸሪያዎች ያስፈልጋሉ፤ አንዱ በቆዳ ኮላ፣ ካልተገኘም በተራው ነጭ የእንጨት ኮላ፣ በተመሳሳይ መንገድ የተጫነ፣ ሌላው ከሱቅ የተገዛ ውሃ ቻይ ኮምፔርሳቶ። ከእያንዳንዱ 2.5 በ8 ሴንቲሜትር የሆኑ ስድስት ቁራጮች ቆርጠው በጀርባቸው የኮላውን ዓይነትና ቀኑን በእርሳስ ይጻፉ።

ሁለቱን በደረቁ፣ ሁለቱን 24 ሰዓት በቀዝቃዛ ውሃ ካቆዩ በኋላ ይፈትሹ። የቀሩት ሁለቱ በኋላ ለምንመለስበት ፈተና ይቆዩ። አፈታተሹ ቀላል ነው፤ በመሮ ወይም በቢላ ጫፍ ንጣፎቹን ያላቁና የተላቀቀውን ፊት ይመልከቱ። በሁለቱም ፊት የእንጨት ክር ተቀድዶ ከታየ፣ የተሸነፈው እንጨቱ ነው፤ ኮላው ሥራውን ሠርቷል። ፊቱ ልሙጥ ሆኖ የሚያብረቀርቅ ከሆነ ግን ኮላው አልያዘም ማለት ነው። ከውሃ በኋላ የቆዳ ኮላው ንጣፎች በጣት ይለያያሉ፤ ኬሲኑ ይለሰልሳል፣ ነገር ግን አይለቅም፤ መልሶ ሲደርቅም አብዛኛውን ጥንካሬውን ይመልሳል።

ይህ የእንጨት ቁራጭ ፈተና ቀላል ቢመስልም የሰው ሕይወት የተመሠረተበት ነበር። መጋቢት 31 ቀን 1931 ካንሳስ ውስጥ ባዛር በተባለች መንደር አቅራቢያ አንድ ፎከር ኤፍ-10 የመንገደኛ አውሮፕላን ክንፉ ተሰብሮ ወደቀ፤ ታዋቂውን የአሜሪካን ፉትቦል አሠልጣኝ ክኑት ሮክኒን ጨምሮ 8 ሰዎች ሞቱ። የፎከር ክንፍ በኮምፔርሳቶ የተሸፈነ በመሆኑ ውስጡን ሳይቀድዱ ማየት አይቻልም ነበር፤ ምርመራውም እርጥበት በክንፉ ውስጥ ያለውን መጋጠሚያ እንዳዳከመው አመለከተ። የአሜሪካ መንግሥት የዚህ ዓይነት አውሮፕላኖችን ለጊዜው ከበረራ አገደ፤ ሲመለሱም ክንፋቸው በየጊዜው እንዲመረመር አዘዘ። በብዙ አየር መንገዶች ዘንድ የእንጨት ክንፍ እምነት ያጣው ከዚህ በኋላ ነው። የዚሁ የፎከር ቤተሰብ የሆነ አንድ አውሮፕላን ከጣሊያን ወረራ በፊት በነበሩት ጥቂት የኢትዮጵያ አውሮፕላኖች መካከልም ይገኝ ነበር፤ ስለዚህ የክንፉ አሠራር ለእኛም ታሪክ ፈጽሞ ባዕድ አይደለም።

ኬሲን ሁለተኛ ድካም አለው፤ እርሱም ሻጋታ ነው። ይህን ለማየት ከቀሩት የኬሲን ቁራጮች አንዱን እርጥብ ጨርቅ በተነጠፈበት የተዘጋ ማሰሮ ውስጥ ለአንድ ወር ያቆዩ። መጋጠሚያው ላይ ግራጫ ሻጋታ ሲወጣ፣ ወተት የበላ ፍጥረት ሁሉ ኬሲንንም እንደሚበላ ይታያል። ማሰሮውን ከቤት ውጭ ይክፈቱት።

በመጨረሻ ከየዓይነቱ የቀረውን አንድ ቁራጭ በአንድ ድስት ውስጥ ለአራት ሰዓት ይቀቅሉ። የቆዳው ኮላ ወዲያው ይሟሟል፤ ነጩም ይለቃል፤ ኬሲኑ ከመጀመሪያው ሰዓት በኋላ እየለሰለሰ ጠርዙን ይከፍታል። በሰው ሠራሽ ሙጫ የተጫነው የሱቅ ሰሌዳ ግን እንደተያያዘ ይወጣል። በ1930 አካባቢ በጀርመን የወጣው ቴጎ የተባለው የፊኖል ሙጫ ፊልም፣ እንደ ሃስከል የደም ኮላ በጋለ ፕሬስ መካከል የሚረጋ፣ ሻጋታ ግን የማይበላው ነበር፤ ዛሬ ከሱቅ የገዙት ውሃ ቻይ ሰሌዳ የዚያ ሙጫ ዘመድ ነው። ከድስቱ የወጡትን ቁራጮች ሳይደርቁ ጎን ለጎን አስቀምጠው ፎቶ ያንሡ፤ ሲደርቁ ልዩነታቸው በግማሽ ይደበቃል።